የአሬራ ብስኩት ለምን ይከብዳል? የጋገራ ፊዚክስ በሰርቦ ከፍታ

ሰርቦ ከአዲስ አበባ ወደ ጅማ የሚጓዝ መንገደኛ ጅማ ከመግባቱ በፊት የሚያገኛት የቡና አገር ከተማ ናት። በዚህ አካባቢ ቡና ሲፈላ ቆሎው፣ አምባሻው ወይም ዳቦው ለቡና ቁርስነት ከሲኒው ጎን ይቀርባል። ላም ባለበት ቤት ደግሞ እርጎው ተንጦ ቅቤው ከወጣ በኋላ አሬራ ይተርፋል። በዚህ ጽሑፍ አሬራን፣ ለጋ ቅቤንና የስንዴ ዱቄትን ይዘን አንድ ተጨማሪ የቡና ቁርስ እንዴት እንደሚጋገር እንመለከታለን።

ብስኩት ስንል በፋብሪካ ታሽጎ የሚሸጠውን ደረቅ ብስኩት ወይም በዘይት የሚጠበሰውን ማለታችን አይደለም። በተለይ በደቡባዊ የአሜሪካ ግዛቶች የተለመደውን፣ በአሬራ ተለውሶ ያለ እርሾ ኩፍ የሚለውን ለስላሳ ትንሽ ዳቦ ማለታችን ነው። በባሕር ጠረፍ አገር የተጻፈን የአሠራር መመሪያ እንዳለ ተቀብሎ በሰርቦ የሚጋግር ሰው ብስኩቱ መጀመሪያ አብጦ ኋላ ሊሟሽሽበት፣ መልኩም ቢጫ፣ ጣዕሙም ሳሙና ሳሙና ሊልበት ይችላል። ዱቄትና ቅቤ ደግሞ እንደዋዛ የሚጣሉ ነገሮች አይደሉም። ስለዚህ ምክንያቱን ማወቅ ይጠቅማል።

፩. ጋዙ ከየት ይመጣል?

አሬራን የሚያኮመጥጠው ላክቲክ አሲድ ነው። ይህን አሲድ የሚሠሩት ወተቱ ሲረጋ የወተቱን ስኳር የሚመገቡ ባክቴሪያዎች ናቸው። አሲዱ ከሶዲየም ባይካርቦኔት፣ ማለትም ከተለመደው የቤኪንግ ሶዳ ጋር ሲገናኝ ካርቦን ዳይኦክሳይድ፣ ውኃና ሶዲየም ላክቴት ይፈጠራሉ። ሊጡን የሚያነሣው ካርቦን ዳይኦክሳይዱ ነው።

አንድ ሞል ላክቲክ አሲድ (90 ግራም) አንድ ሞል ሶዳን (84 ግራም) ያብላላል። የአሬራው አሲድ 1 በመቶ ገደማ ነው ብንል በ200 ሚሊ ሊትር አሬራ ውስጥ 2 ግራም አሲድ ይኖራል። ይህም ከ1.9 ግራም ሶዳ በላይ ሊያብላላ አይችልም። ከዚህ የተረፈው ሶዳ በምድጃው ሙቀት ይፈርሳል፤ ነገር ግን የሚሰጠው ጋዝ ግማሽ ብቻ ሲሆን የሚተወው ሶዲየም ካርቦኔት ነው። ቢጫው መልክና የሳሙናው ጣዕም የሚመጡት ከዚሁ ነው።

፪. ከፍታና ግፊት

ሰርቦ ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,700 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ትገኛለች። በዚህ ከፍታ የአየር ግፊት 82 ኪሎ ፓስካል ገደማ ሲሆን በባሕር ጠለል ላይ 101 ኪሎ ፓስካል ነው። የሙቀት መጠኑ ካልተለወጠ የአንድ ጋዝ ይዘትና ግፊት በተቃራኒው ይለዋወጣሉ። በ25 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ከ1 ግራም ሶዳ የሚወጣው ጋዝ በባሕር ጠለል 0.29 ሊትር ሲሆን በሰርቦ 0.36 ሊትር ይደርሳል። ልዩነቱ ከሃያ በመቶ ይበልጣል።

ጋዝ ሲበዛ ብስኩቱ ይበልጥ ይቀልላል ብለን እንዳንሳሳት። አረፋዎቹ ከመጠን በላይ ሲለጠጡ ግድግዳቸው ይሳሳል፤ እርስ በርስ ይቀላቀላሉ፤ ሊጡ ሳይጠና ይፈነዳሉ። የተነሣው ሊጥ ተመልሶ ይተኛል። ስለዚህ የባሕር ጠረፉ መመሪያ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ሶዳ (2.3 ግራም ገደማ) ቢያዝ እኛ አንድ አምስተኛውን ቀንሰን 1.8 ግራም ያህል እንጨምራለን። ይህ መጠን በ200 ሚሊ ሊትር አሬራ ውስጥ ያለው አሲድ ሊያብላላው ከሚችለው ጋር መቀራረቡን ልብ ይሏል።

፫. ቅቤና እንፋሎት

ሁለተኛው አንሺ ኃይል እንፋሎት ነው። በሰርቦ ውኃ የሚፈላው በ94 ዲግሪ ገደማ ሲሆን፣ ውኃው ወደ እንፋሎት ሲለወጥ ይዘቱ ወደ 1,900 እጥፍ ይሰፋል። በባሕር ጠለል ላይ ይህ ስፋት 1,600 እጥፍ ያህል ነው።

ለጋ ቅቤ 16 በመቶ ያህል ውኃ ይይዛል፤ የቤት ቅቤ ከዚህም የበለጠ ሊይዝ ይችላል። ቅቤው ቀዝቃዛና ጠጣር ሆኖ በዱቄቱ መካከል በስሱ ሲዳመጥ ሊጡን ወደ ንጣፎች ይከፍለዋል። በምድጃ ውስጥ ቅቤው ይቀልጣል፤ እንፋሎቱም በንጣፎቹ መካከል ገብቶ ይለያያቸዋል። ሊጡን ሦስት እጥፍ አድርገን ይህንኑ ሦስት ጊዜ ብንደጋግም 27 ንጣፎች እናገኛለን። ንጥር ቅቤ ግን ውኃው ሲነጠር ስላለቀ፣ መዓዛው ቢያምርም፣ ይህን ሥራ አይሠራም።

፬. ድፎ ዳቦና ብስኩት

የስንዴ ዱቄት ከውኃ ጋር ሲታሽ ግሉተን የተባለ የሚለጠጥ የፕሮቲን መረብ ይሠራል። ድፎ ዳቦ በደንብ መታሸት ያለበት የእርሾው ጋዝ ለሰዓታት በዚህ መረብ መያዝ ስላለበት ነው። የብስኩት ጋዝ ግን በደቂቃዎች ውስጥ ይወጣል። ጠንካራ መረብ መስፋፋቱን ከማገዝ ይልቅ ይጎትተዋል። ስለዚህ ሊጡ እንደተያያዘ ማሸታችንን ማቆም አለብን።

፭. እሳቱ

ጋገራ የጊዜ ሽቅድምድም ነው። ቅቤ በ35 ዲግሪ ገደማ ይቀልጣል፤ ስታርቹ ከ60 ዲግሪ በላይ ይጠነክራል። እሳቱ ደካማ ከሆነ ግድግዳው ሳይጠና ቅቤው ፈስሶ ጋዙ ያመልጣል። ምድጃው አስቀድሞ 220 ዲግሪ ያህል መሞቅ ያለበት ለዚህ ነው።

ምድጃ በሌለበት ቤት ድፎ የሚጋገርበት ዘዴ፣ ማለትም ከሥር ምጣድ፣ ከላይም ፍም የተደረገበት ክዳን፣ ይበቃል። የጨረር ሙቀት ከፍጹም የሙቀት መጠን አራተኛ ርቢ ጋር ስለሚያድግ፣ የክዳኑ ሙቀት ከ150 ወደ 220 ዲግሪ ቢወጣ የሚያፈነጥቀው ኃይል 1.8 እጥፍ ይሆናል። ክዳኑን ቀድሞ ማጋል ከንቱ ድካም አይደለም።

፮. አሠራሩ

280 ግራም የተነፋ ዱቄት፣ 1.8 ግራም ሶዳና ትንሽ ጨው ይደባለቁ። 80 ግራም ቀዝቃዛ ለጋ ቅቤ ተቆራርጦ ይግባና የሽምብራ ፍሬ እስኪያክል በጣት ጫፍ ይፈርፈር። 200 ሚሊ ሊትር ቀዝቃዛ አሬራ ጨምረን ሳናሸው እናያይዘዋለን። ሦስት ጊዜ አጥፈን፣ ሁለት ሳንቲ ሜትር ውፍረት ትተን፣ በስለታም ቢላዋ ቀጥ አድርገን እንቆርጣለን፤ እያዟዟሩ መቁረጥ የንጣፎቹን ጠርዝ ያጣብቃል። ሶዳው ሥራውን ስለጀመረ ሳንዘገይ እናስገባዋለን። ከ15 ደቂቃ ገደማ በኋላ ይደርሳል። አሬራ ብዙ ጊዜ ካልፈላ ወተት ስለሚገኝ ጥሬውን ሊጥ መቅመስ አይገባም፤ ሲጋገር ግን መሐሉ ከመፍያ ነጥብ ስለሚቃረብ በሽታ አምጪ ተሕዋስያኑ ይሞታሉ።

ለተማሪዎች የቀረቡ ጥያቄዎች

1. በአዲስ አበባ የአየር ግፊት 76 ኪሎ ፓስካል ገደማ ነው። በ25 ዲግሪ ከ1 ግራም ሶዳ ስንት ሊትር ጋዝ ይወጣል? ሶዳውንስ ከባሕር ጠረፉ መጠን በምን ያህል እንቀንስ?

2. በአሬራ ፈንታ ትኩስ ወተት ብንጠቀም የጋዙ መጠንና የብስኩቱ ጣዕም እንዴት ይለወጣሉ?

3. በቤታችሁ የሚፈላውን ውኃ ሙቀት በቴርሞሜትር ለኩ። ከውጤቱ ተነሥታችሁ የምትኖሩበትን ቦታ የአየር ግፊት ገምቱ። ግምታችሁ ከሰርቦው ቢለይ የሶዳውን መጠን በዚያው ልክ አስተካክሉ፤ ስሌቱ ትክክል መሆን አለመሆኑን ብስኩቱ ራሱ ይመሰክራል።