እርሻው መንደር ሲሆን፦ በከተማ ጠርዝ ጎረቤት ስለ መሆን



በወልድያ ወይም በመርሳ ዳርቻ በአዲስ ከተሠሩት መንደሮች በአንዱ ቆሞ «ይህ ቦታ ቀድሞ ምን ነበር?» ብሎ ለሚጠይቅ ሰው የአካባቢው ሽማግሌ የሚሰጠው መልስ ብዙውን ጊዜ «የእገሌ እርሻ ነበር» የሚል ነው። ማሽላ ይበቅልበት፣ ጤፍ ይወቃበት በነበረው መሬት ዛሬ የብሎኬት ግንብና የቆርቆሮ አጥር ቆሞበታል፤ በሬ በሚነዳበት መንገድ ባጃጅ ይመላለስበታል። እርሻው መንደር በሆነበት ስፍራ ከየአቅጣጫው የተሰባሰቡ ሰዎች ጎረቤታሞች ሆነዋል። የዛሬው ትምህርታችን የሚጠይቀው ጥያቄ ይህ ነው፦ እነዚህ ሰዎች እርስ በርሳቸው፣ በተለይም የመሬቱ ባለይዞታ ለነበረው ገበሬ፣ ምን ባለዕዳነት አለባቸው?

1. የከተማው ጠርዝ እንዴት አደገ?

ወልድያ የመንገድ ከተማ ናት። ከአዲስ አበባ ወደ መቀሌ የሚወስደው ዋና መንገድ ያልፍባታል፤ በደርግ ዘመን በቻይና እርዳታ የተሠራው የወረታ መንገድም የሚነሣው ከእርሷ ነው። በ1987 ዓ.ም. በተደረገው ቆጠራ የሕዝቧ ቁጥር 24 ሺህ ገደማ ነበረ፤ በ1999 ዓ.ም. ግን ወደ 46 ሺህ ደረሰ። ከዚያ ወዲህ አገር አቀፍ ቆጠራ ባይካሄድም ዕድገቱን ዐይን ያየዋል። በ2004 ዓ.ም. የወልድያ ዩኒቨርሲቲ ተመሠረተ፤ በ2009 ዓ.ም. ትልቁ ስታዲየም ተመረቀ። ከወልድያ ወደ ደቡብ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኘው የሀብሩ ወረዳ ዋና ከተማ መርሳም የጊራናን ለም ሜዳ ተጎራብታ ትኖራለች። ከተማ ሲሰፋ የሚሰፋው ወደ ሜዳው ነውና፣ ለቤት መሥሪያ የሚመቸው መሬት ለእርሻም የሚመቸው ራሱ ይሆናል።

ወደ ጠርዙ የመጣው ሕዝብ አንድ ዓይነት አይደለም። በማኅበር ተደራጅተው ቦታ የተመሩ መምህራንና የመንግሥት ሠራተኞች አሉ። ከላስታ፣ ከራያና ከዋድላ የመጡ ነጋዴዎች አሉ። በዓረብ አገር ዓመታትን ለፍተው ባጠራቀሙት ገንዘብ ለወላጆቻቸው ቤት የሠሩ ልጆች አሉ። ከአገሪቱ ማዕዘናት ሁሉ ተመድበው መጥተው በየቤቱ ክፍል የሚከራዩ ተማሪዎች አሉ፤ ከእነዚህም መካከል አማርኛን በትምህርት ቤት ብቻ የሚያውቁ አይታጡም። ሀብሩ በምሥራቅ ከአፋር ጋር ስለሚዋሰን የአፋር ወንድሞቻችንም በገበያው እንግዳ አይደሉም። በመጨረሻም ተፈናቃዮች አሉ፤ ከወለጋ ቤት ንብረታቸውን ትተው የመጡ ብዙ ቤተሰቦች በሀብሩ በጃራ መጠለያ ዓመታትን አሳልፈዋል። የአካባቢው ሕዝብ ራሱም ከነሐሴ 2013 እስከ ታኅሣሥ 2014 ዓ.ም. በጦርነቱ ሥር በነበረበት ጊዜ ከቤት መውጣት ምን እንደ ሆነ ቀምሶታል።

2. የካሳው ሒሳብ

በ1967 ዓ.ም. ከታወጀው የመሬት አዋጅ ወዲህ መሬት በግል የሚሸጥና የሚለወጥ ንብረት አይደለም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ መሆኑን፣ ገበሬውም ከይዞታው ያለ አግባብ እንዳይነቀል መብት ያለው መሆኑን ደነገገ። ለሕዝብ ጥቅም ሲባል ይዞታው ሲወሰድ ካሳ ይከፈለዋል። አዋጅ ቁጥር 455/1997 ይህን ካሳ ያሰላው ገበሬው ባለፉት አምስት ዓመታት ያገኘውን አማካይ ዓመታዊ ገቢ በአሥር በማባዛት ነበረ። በ2011 ዓ.ም. ቁጥር የወጣው አዋጅ 1161 ደግሞ ባለፉት ሦስት ዓመታት ከተገኘው ገቢ ከፍተኛውን ወስዶ በአሥራ አምስት እንዲባዛ አደረገ።

ነገሩ እንዲገባን በምሳሌ እንየው። አንድ ማሳ በዓመት የአሥር ኩንታል ጤፍ ዋጋ ያስገኛል እንበል። በመጀመሪያው ሕግ ገበሬው የመቶ ኩንታል፣ በሁለተኛው የመቶ ኀምሳ ኩንታል ዋጋ ያገኛል። ገንዘቡ በአንድ ጊዜ በእጁ ሲገባ ብዙ ይመስላል። ይሁን እንጂ ማሳው ይሰጥ የነበረው ለአሥር ወይም ለአሥራ አምስት ዓመት ብቻ አልነበረም፤ ለአባቱ ሰጥቷል፣ ለልጁም ይሰጥ ነበር። ትናንት ከጎተራው ይወስደው የነበረውን እህል ዛሬ ከገበያ በየጊዜው በሚንር ዋጋ ይገዛል። ገለባው ለከብቱ፣ ኩበቱ ለምድጃው መሆኑም አብሮ ይቀራል።

ከዚህም ሌላ በሒሳቡ ፈጽሞ የማይገቡ ሰዎች አሉ። በክልላችን የይዞታ ደብተሩ የባልንም የሚስትንም ስም እንዲይዝ መደረጉ መልካም ነው፤ ሚስት ሳታውቅ ካሳው እንዳይበላ ይጠብቃታል። ነገር ግን በአባቱ ማሳ እያረሰ ያደገ፣ የራሱ ደብተር የሌለው ወጣት አለ። መሬቱ ሲሄድ የእርሱ ሥራና ተስፋ አብሮ ይሄዳል፤ በስሙ ግን አንድ ሳንቲም አይጻፍም። ከእነዚህ ወጣቶች ስንቶቹ የስደትን መንገድ እንደሚመርጡ በየቤታችን የምናውቀው ነው። አባትየውም የተማረው ማረስን ነውና፣ ገንዘቡ ሲያልቅ በቀድሞ እርሻው ላይ በተሠራው ቤት በር ዘበኛ ሆኖ ሲቀጠር ይታያል። ሕጉ እንዲህ ያለውን ሰው ካሳ የተከፈለው ብሎ መዝግቦታል። ጎረቤቶቹ ግን ምን ብለው ሊጠሩት ነው?

3. ከአዲስ አበባ ዳርቻ የምናገኘው ትምህርት

ይህ ጥያቄ በትልቁ የታየው በአዲስ አበባ ዙሪያ ነው። ከ1990ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ መንግሥት የጋራ መኖሪያ ቤቶችን ሲሠራ ጀሞ፣ የካ አባዶ፣ ቱሉ ዲምቱ፣ ቦሌ አራብሳና ኮዬ ፈጬ የመሳሰሉት ስፍራዎች ከእርሻነት ወደ ፎቅ ተለወጡ። ቤቱ የሚታደለው በዕጣ ስለ ሆነ አንድ ደረጃ የሚወጡ ሰዎች በዘር፣ በቋንቋም ሆነ በሃይማኖት አልተመራረጡም፤ ጉራጌው ከትግሬው፣ አማራው ከወላይታው፣ ሙስሊሙ ከክርስቲያኑ ጋር ግድግዳ ይጋራል። እነዚህ ሰዎች ብዙም ሳይቆዩ ዕድር አቋቁመው፣ ድንኳንና ወንበር ገዝተው፣ ሐዘንን በጋራ መሸኘት ጀመሩ። ይህ የሚያስመሰግን ነው።

ነገር ግን በዚያ መሬት ላይ ያርስ የነበረው፣ አብዛኛውን ጊዜ የኦሮሞ ገበሬ፣ በዕጣውም በዕድሩም ውስጥ ስሙ አልተገኘም። የተጠራቀመው ቅሬታ በ2006 ዓ.ም. እና በ2008 ዓ.ም. የአዲስ አበባንና የዙሪያዋን የተቀናጀ ማስተር ፕላን በመቃወም ገንፍሎ ወጣ፤ የሰው ሕይወትም ጠፋ፤ ዕቅዱም በ2008 ዓ.ም. ተሠረዘ። በየካቲት 2011 ዓ.ም. ከ50 ሺህ በላይ ለሚሆኑ ቤቶች ዕጣ ሲወጣ በኮዬ ፈጬ ምክንያት ዳግመኛ ተቃውሞ ተነሣ። ለዓመታት ከደመወዙ ቆጥቦ ዕጣ የወጣለት ሰው ጥፋተኛ አልነበረም፤ መሬቱን ያጣው ገበሬም ቅሬታው መሠረት ነበረው። ሁለቱም እውነት ይዘው ሳለ የሚገናኙበት ቤት፣ የሚደማመጡበት ሸንጎ ስላልነበራቸው እንደ ባላንጣ ተያዩ።

4. ቅሬ፦ በእጃችን ያለው ሀብት

በሌላው አገር ዕድር የሚባለው በእኛ በወሎ ቅሬ ይባላል። ቅሬ ሬሳ ያነሣል፣ መቃብር ያስቆፍራል፣ ሐዘንተኛን ያጽናናል፤ በመንደር ጠብ ሲነሣም ያስታርቃል። ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በሚደባለቁበት ቀበሌ የቅሬ ሰው የሟቹን ሃይማኖት ጠይቆ አይቀርም። የመቃብሩ ስፍራ የተለያየ ነው፤ ቀባሪው ግን አንድ ነው። በሠርግ ቤትም ለሙስሊሙ እንግዳ ሥጋው በሙስሊም እጅ ታርዶ ለብቻው ይሰናዳል፤ ይህን የሚያደርገው ክርስቲያኑ ደጋሽ ራሱ ነው። ጠቡ ወደ ደም ሲሄድ አበጋሮች መሐል ገብተው ያበርዱታል። ልዩነትን ሳይክዱ አብሮ መኖር ማለት ይህ ነው።

በአዲሱ መንደር ግን ቅሬው ራሱ አደጋ ላይ ነው። አዲስ ነዋሪዎች በመሥሪያ ቤት ወይም በማኅበር ተሰባስበው የራሳቸውን ያቋቁማሉ፤ የነባሩ ገበሬ ቅሬም መሬቱ ሲቆራረስና አባላቱ ሲበተኑ ይደክማል። ተከራይ «ነገ ይሄዳል» ተብሎ ከሁለቱም ይቀራል። በጥቅምት መጨረሻ 2012 ዓ.ም. በወልድያ ዩኒቨርሲቲ ሁለት ተማሪዎች በግጭት መገደላቸው የሁላችንም ሐዘን ነበር። ከሩቅ የመጣ ተማሪ በከተማው ውስጥ እናቴ፣ አባቴ ብሎ የሚጠራው ቤት ቢኖረው በክፉ ቀን መሸሸጊያ አያጣም። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ ከከተማው ነዋሪዎች ጋር ያስጀመረው «የቃል ኪዳን ቤተሰብ»፣ እያንዳንዱ ተማሪ ከአንድ ቤተሰብ ጋር እንዲዛመድ የሚያደርገው፣ ከዚህ አሳብ የተነሣ ነው። በዋሽንግተን ዙሪያ የሚኖሩ ወገኖቻችንም በሰው አገር መጀመሪያ ካቋቋሟቸው ነገሮች አንዱ ዕድር መሆኑን እናስታውስ። ስደተኛ ሲሆኑ የፈለጉትን ነገር በአገር ቤት ለመጣው እንግዳ መንፈግ አይገባም።

5. ሁለት ንባቦች

ለዚህ ትምህርት ሁለት የመጽሐፍ ቅዱስ ታሪኮች ጎን ለጎን ቢነበቡ መልካም ነው። የመጀመሪያው የናቡቴ ታሪክ ነው (1ኛ ነገሥት 21)። ንጉሡ አክዓብ ለናቡቴ ዋጋ እንደሚከፍለው ነግሮት ነበረ፤ የተሻለ ቦታ በምትኩ እንደሚሰጠውም ጭምር። ናቡቴ ግን የወይኑን ቦታ የአባቶቹ ርስት አድርጎ እንጂ በዋጋ የሚተመን አድርጎ አላየውም። ካሳ የተቀበለ ገበሬ ለምን እንደሚያዝን ከዚህ እንማራለን። ሁለተኛው የሩት ታሪክ ነው። ሞዓባዊቷ መበለት በቤተ ልሔም እርሻ ቃርሚያ ስትለቅም ባለ እርሻው ቦዔዝ እንግዳ ናት ብሎ አላባረራትም፤ ከሠራተኞቹ ጋር አብልቶ፣ እንዳትነካ አስጠነቀቀላት። ናቡቴን ብቻ የሚያነብ ሰው እንግዳውን ሁሉ ቀማኛ አድርጎ ሊያይ ይችላል። ሩትን ብቻ የሚያነብም ባለ እርሻውን ሊረሳ ይችላል። በአዲሱ መንደር ሁለቱም ይኖራሉ።

6. ምን እናድርግ?

ካቶሊካውያን በዚህ አገር ቁጥራችን ጥቂት ነው። ይህ ግን ለበጎ ሥራ ዕንቅፋት አይሆንም፤ የራሳችንን ቅሬ ለማቋቋም ስለማንበቃ ወደ ጋራው እንድንገባ ግድ ይለናል፤ ይህም ለእኛ መልካም ነው።

ሀ) በአዲስ መንደር ቤት የሠራ ምእመን አዲስ ቅሬ ከማቋቋሙ በፊት ነባሩን ይፈልግ፤ በዚያም ይመዝገብ። አዲስ ማቋቋም ግድ ከሆነ የቦታው ገበሬዎች ያለ መግቢያ ክፍያ እንዲገቡ ይጠይቅ።

ለ) ተከራይና ተፈናቃይ በወር የሚችለውን እየከፈለ የሚገባበት ሥርዓት እንዲወጣ በስብሰባ ይናገር።

ሐ) ካሳ ሊከፈለው የተቃረበ ቤተሰብ ካለ ባልና ሚስት፣ የደረሱ ልጆችም፣ አብረው ተቀምጠው እንዲመክሩ የቁምስናው ሽማግሌዎች ይርዱ። ከገንዘቡ ለወጣቱ ሙያ መማሪያ አስቀድሞ ይለይ።

መ) ቤት ሲሠራ የጎርፉ መውረጃና የከብት መንገዱ ይጠበቅ። ከአዲሱ ጣሪያና ከኮብልስቶኑ የሚወርደው ውኃ ከበታች የቀረውን የሌላ ገበሬ ማሳ ይጠርጋልና።

ሠ) ማሳው ስም ነበረው። የመንደሩ መጠሪያ እንዲሆን ይጠየቅ፤ ልጆችም የማን እርሻ እንደ ነበረ ይወቁ።

ለውይይት የሚሆኑ ጥያቄዎች

- የምንኖርበት ቤት የተሠራበትን መሬት ማን ያርስ ነበር? ዛሬ የት ነው? በምን ይተዳደራል?
- በቅሬያችን ተከራዮች፣ ተማሪዎችና ተፈናቃዮች አሉ? ከሌሉ የከለከላቸው ደንቡ ነው ወይስ ልማዳችን?
- ናቡቴና ሩት ዛሬ በአንድ መንደር ቢኖሩ ምን ይባባሉ ነበር?

የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን የመጀመሪያውን ጥያቄ ለልጆች የቤት ሥራ አድርገው ቢሰጡ መልካም ይሆናል። ልጆቹ መልሱን ለማግኘት የግድ የጎረቤት ሽማግሌ ቤት ማንኳኳት አለባቸው፤ ሽማግሌውም ምናልባት ስለዚያ ማሳ ከጠየቁት ሰዎች የመጀመሪያዎቹን በዚያን ዕለት ያገኝ ይሆናል።