ጥበብን የሚያቆየው ማን ነው?
(የአውግስጦስ ሮምና የቴዎድሮስ ደብረ ታቦር)



የአውግስጦስ ቄሣርን ስም ሁላችንም እናውቀዋለን። ወንጌላዊው ሉቃስ በምዕራፍ 2 የጌታችንን ልደት ሲተርክ የሕዝብ ቆጠራ ትእዛዝ ያወጣው እርሱ መሆኑን ይነግረናል። ከቆጠራው ባለፈ ግን ስለ ዘመኑ ብዙ አንነጋገርም። አውግስጦስ ከ27 ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ጀምሮ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እስከ 14 ዓ.ም. ሲገዛ የሮም ሥነ ጽሑፍና ኪነ ጥበብ ከፍ ካለ ደረጃ ደርሶ ነበር። በዚህ ጽሑፍ ያንን ዘመን ከከተማችን ታሪክ ጋር እያስተያየን፥ ጥበብን ለትውልድ የሚያቆየው ማን እንደ ሆነ እንመረምራለን።

1ኛ/ የሮም ቤተ መንግሥትና ባለቅኔዎቹ

አውግስጦስ የነገሠው ከብዙ ዓመታት የእርስ በርስ ጦርነት በኋላ ነው። ቤተ መቅደሶችን አሠራ፤ በፓላቲን ኮረብታ ላይ ቤተ መጻሕፍት አቆመ። ሜቄናስ የተባለ ባለጸጋ ወዳጁም ባለቅኔዎችን ይረዳ ነበር። ከእነዚህም መካከል ቨርጂልና ነፃ የወጣ ባሪያ ልጅ የሆነው ሆራስ ይገኙበታል።

በዚያን ጊዜ ለተማረው ሮማዊ የጥበብ ቋንቋ ግሪክኛ ነበር። ቨርጂል «ኤኔይድ» የተባለውን ታላቅ የጀግንነት ግጥም በላቲን ጽፎ፥ የአገሩም ቋንቋ ከባድ ሐሳብ ለመሸከም እንደሚችል አሳየ። ሥራውን ሳይፈጽም በ19 ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ሞተ። መጽሐፉ እንዲቃጠል ፈልጎ እንደ ነበረና አውግስጦስ ግን እንዲወጣ እንዳዘዘ ይነገራል።

ይሁን እንጂ መጽሐፍ ያዳነው ይኸው ቤተ መንግሥት በ8 ዓ.ም. ኦቪድ የተባለውን ባለቅኔ ወደ ጥቁር ባሕር ዳርቻ አጋዘው፤ መጽሐፉንም ከመንግሥት ቤተ መጻሕፍት አስወገደ። የኦቪድ ግጥም ታዲያ አልጠፋም፤ አንባብያን በየቤታቸው እየገለበጡ አቆዩት። ቨርጂልንም ቢሆን ያቆየው የንጉሡ ትእዛዝ ብቻ አይደለም፤ መምህራን ግጥሙን ለልጆች በቃል እያስጠኑ ከትውልድ ወደ ትውልድ አሻገሩት።

2ኛ/ የቴዎድሮስ ዘመን በደብረ ታቦር

በ1847 ዓ.ም. የነገሡት ዐፄ ቴዎድሮስም ከረጅሙ የመሳፍንት ጦርነት በኋላ የመጡ ንጉሥ ናቸው። ደብረ ታቦርን መናገሻ አደረጉ። በአጠገቧ ባለችው በጋፋትም የውጭ አገር ባለሙያዎች ሴባስቶፖል የተባለውን ታላቅ መድፍ ሠሩላቸው። በሥነ ጽሑፍም በኩል አንድ ትልቅ ነገር ተደርጓል። ከዚያ በፊት የነገሥታት ታሪክ የሚጻፈው በግዕዝ ነበር፤ ደብተራ ዘነብ ግን የቴዎድሮስን ታሪክ በአማርኛ ጻፉ። ቨርጂል በላቲን እንዳደረገው ሁሉ፥ ሕዝብ የሚነጋገርበት ቋንቋ የታሪክ ቋንቋ ሆነ ማለት ነው።

ነገር ግን እዚህም የሥልጣን ሁለተኛው ፊት ታየ። በ1859 ዓ.ም. ጎንደር ስትዘረፍ የአብያተ ክርስቲያናቷ መጻሕፍት ወደ መቅደላ ተወሰዱ፤ ንጉሡ በዚያ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ሊያደርጓቸው አስበው ነበር። በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ወደ መቅደላ ሲነሡ ደብረ ታቦርን አቃጠሉ። በዚያው ዓመት በሚያዝያ የእንግሊዝ ጦር መቅደላን ሲይዝ ምርኮው በ15 ዝሆኖችና ወደ 200 በሚጠጉ በቅሎዎች ተጫነ። ከብራና መጻሕፍቱ ወደ 350 የሚሆኑት ለንደን ገቡ፤ ዛሬም በእንግሊዝ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ።

3ኛ/ ያልተጫነውና ያልተቃጠለው

ዝሆኑ ብራናውን ተሸከመ፤ ዜማውን ግን ሊሸከም አልቻለም። ዜማው በመምህራንና በተማሪዎች አንደበት ነበረና። ድጓ ለማስመስከር ወደ ጋይንት ቤተልሔም፥ ዝማሬ መዋሥዕት ለመማር ወደ ዙር አባ የሚጓዘው ተማሪ አኮፋዳውን አንግቶ፥ ደበሎውን ለብሶ፥ በጎጆ እያደረ ተምሯል። የፎገራው ተወላጅ አለቃ ገብረ ሐና አዲስ የአቋቋም ስልት ሲያወጡ የጎንደር ሊቃውንት እንዳልተቀበሉት፥ ልጃቸው ተክሌ ግን ወደ ደብረ ታቦር አምጥቶ እንዳስተማረው ይነገራል። «የተክሌ አቋቋም» የምንለው ይህ ነው። ያጸናው ዐዋጅ አይደለም፤ የመምህሩ ድካምና የተማሪው ትዕግሥት ነው።

ይህን ተማሪ የመገበውስ ማን ነበር? ሮም ሜቄናስ ነበራት። የእኛ ሜቄናስ ግን በደጇ ለቆመ የቆሎ ተማሪ ከጎደለ ሌማቷ ቁራሽ የሰጠችው ባልቴት ናት። ስሟ በየትኛውም ዜና መዋዕል አልተጻፈም።

ከዚህ የምንማረው፥ ቤተ መንግሥት ጥበብን ሊያሳድግም ሊያጠፋም እንደሚችል፥ ጠባቂዋ ግን ተቀብሎ የሚያስተላልፍ ሰው መሆኑን ነው። የቃል ትምህርት ጠላቱ እሳት አይደለም፤ አንድ ትውልድ ሳይማር ማለፉ ነው። ከዚያ በኋላ ከለንደን እንኳ ይመለስልን ተብሎ የሚጠየቅ ነገር አይኖርም። ስለዚህ እኛ ወጣቶች በየደብራችን ካሉ መሪጌቶች እግር ሥር መቀመጥ፥ የሰማነውንም በቃላችን መያዝና መጻፍ ይገባናል።

ለውይይት፦
ሀ) ኦቪድ ተግዞ ሳለ ሥራው ያልጠፋው ስለ ምንድን ነው?
ለ) ታሪክ በአማርኛ መጻፉ ለማን ጠቀመ?
ሐ) በደብራችን አንድ መምህር ብቻ የሚያውቀው ትምህርት አለን? ማን ይማረው?