ቫን ወደ ተጓዥ ቤት ሲለወጥ፦ ከአናጢው በፊት ሚዛኑ

በአውሮፓ ባዶ የዕቃ ቫን ገዝቶ፣ አልጋና ማእድ ቤት ገጥሞ መሸጥ ወይም ማከራየት የታወቀ ንግድ ነው። ዌስትፋሊያ የተባለው የጀርመን ኩባንያ ለፎልክስዋገን ሚኒባስ ተነቃይ የካምፒንግ ዕቃ ማዘጋጀት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1951 ነበር። ትርፉን የሚወስነው ግን ከጣውላው ውበት ይልቅ የውስጡ አደላደል ነው።

በቅድሚያ የሚጠየቀው ስንት ሰው እንደሚተኛና ስንት ሰው በቀበቶ ታስሮ እንደሚጓዝ ነው። አራት መኝታ ኖሮት መቀመጫው ሁለት ብቻ የሆነ ቫን ለቤተሰብ አይከራይም።

ቀጥሎ አልጋው ይመጣል። ለዚህ ሥራ በብዛት የሚፈለገው ፊያት ዱካቶ የመጫኛው ወርድ 1.87 ሜትር ገደማ ነው። 6 ሜትር በሚሆነው ሞዴል የመጫኛው ርዝመት 3.70 ሜትር ያህል ነው። 1.40 ሜትር ስፋት ያለው አልጋ በወርድ ሲዘረጋ ከዚህ ርዝመት 1.40 ብቻ ይወስዳል፤ በቁመት ሲሆን ግን ወደ 2 ሜትር ይበላል። ልዩነቱ ለአንድ ምድጃና ማጠቢያ ይበቃል። ይሁንና ግድግዳው ሲለበስ ወርዱ ስለሚጠብ ረጅም ሰው በወርድ አይመቸውም።

ገንዘብ የሚያስበላው ስህተት ክብደት ላይ ነው። ብዙዎቹ ቫኖች ከነጭነታቸው ከ3,500 ኪሎ እንዳያልፉ ተደርገው የተመዘገቡ ናቸው። ስሌቱ ለምሳሌ ያህል እንዲህ ይሠራል፦

ባዶ ቫን፦ 2,100 ኪሎ
የግድግዳ ልባስ፣ አልጋና ቁም ሣጥን፦ 450
ባትሪ፣ ማቀዝቀዣና ምድጃ፦ 150
100 ሊትር ውኃ፦ 100
አራት ሰዎች፦ 300
ድምር፦ 3,100 ኪሎ

የቀረው 400 ኪሎ ብዙ ይመስላል። ባለቤቱ ሻወር፣ ሁለተኛ ባትሪና የጣሪያ መደርደሪያ ሲጨምር ግን ተከራዮቹ ሻንጣና ብስክሌት እንደጫኑ ልኩ ሊታለፍ ይችላል። ይህም በመንገድ ላይ ፍተሻ ያስቀጣል፤ አደጋ ከደረሰ ደግሞ ከኢንሹራንስ ጋር ያጨቃጭቃል።

አቀማመጡም ዋጋ አለው። የውኃ ጋንና ባትሪ ዝቅ ብለው በፊትና በኋላ ጎማ መካከል ይቀመጣሉ። ሁሉም ከባድ ዕቃ ከኋላ ጎማ ወዲያ ከተከመረ የፊቱ ይቀልና መሪው ይሳሳል። የምግብ ማብሰያ ጋዝም ከአየር ስለሚከብድ የጋዝ ሣጥኑ ማናፈሻ ከታች ይከፈታል።

ስለዚህ ጣውላ ከመገዛቱ በፊት ወለሉ ላይ በጠመኔ ማስመር፣ በካርቶን ሞክሮ በርና መሳቢያው ሲከፈት ሰው ማለፉን ማየት ይበጃል። ቫኑ ባዶውን፣ ሥራው ሲጋመስና ሲያልቅ መመዘን አለበት። የተሠራ ቫን የሚገዛም ሆነ የሚያሻሽጥ ሰው ስለ ዋጋው ከመነጋገሩ በፊት የሚዛኑን ወረቀት ይጠይቅ።