ቀጋ ወይስ አጋም?

ጥያቄ፦ ከደብረ ብርሃን ወጣ ብሎ ወንዝ ዳር እሾሃማ ቁጥቋጦ አየሁ። አበባው ነጭና ሽታው ደስ የሚል ነው፤ ፍሬው ብርቱካናማ ቀይ። አጋም ነው ይሉኛል፤ እውነት ነው?

መልስ፦ አይደለም፤ ቀጋ ነው። የአጋም ፍሬ ሲበስል ይጠቁራል። ከተጠራጠሩ ቅጠሉን ቀጠፍ ያድርጉ፤ አጋም ነጭ ወተት ያወጣል፣ ቀጋ አያወጣም። የአጋም ቅጠል ነጠላ ነው፤ የቀጋው ግን በአንድ ዘንግ ላይ ትንንሽ ሆኖ የተደረደረ፣ ጠርዙም እንደ መጋዝ ጥርስ ነው። እሾሁም ጎበጥ ይላል። ቀጋ ከሰሃራ በስተደቡብ በተፈጥሮው የሚበቅል የእኛው የዱር ጽጌረዳ ነው! አገሩ ከ1,900 እስከ 3,300 ሜትር ከፍታ ያለው ደጋና ወይና ደጋ ሲሆን፣ የጫካ ጠርዝና የወንዝ ዳር ይወዳል። ፍሬው ይበላል፤ ውስጡ ያለውን ዘርና ፀጉር ግን አስቀድመው ያውጡ፣ ጉሮሮ ይከረክራል።