እኅታችን መከራዋን ስትነግረን እንዴት እንስማ?



በመከራ ያለፈ ሰው ታሪኩን ሲናገር የሰሚው ድርሻ ምንድን ነው? ለዚህ ጥናት ምሳሌ የሚሆነን በ2007 እ.ኤ.አ. የወጣው «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» የተባለው ዘጋቢ ፊልም ነው። ፊልሙ በፊስቱላ የተጎዱ አምስት ኢትዮጵያውያት፣ ዶክተር ካትሪንና ዶክተር ሬጂናልድ ሐምሊን በ1974 እ.ኤ.አ. ባቋቋሙት የአዲስ አበባ ፊስቱላ ሆስፒታል ለመታከም ያደረጉትን ጉዞ ያሳያል።

1. ምን ደረሰባት? ምጥ ለቀናት ሲጓተት የሕፃኑ ራስ በዳሌ አጥንት ውስጥ ተቀርቅሮ የእናቲቱን አካል ይጫናል። ደም ያልደረሰው ሥጋ ይሞትና ይቀደዳል። ሕፃኑ ብዙ ጊዜ ሞቶ ይወለዳል፤ እናቲቱም ሽንት፣ አንዳንዴም ዓይነ ምድር መቆጣጠር ያቅታታል። በፊልሙ ከምናያቸው አንዷ ከእናቷ ቤት ጓሮ በተቀለሰች መጠለያ ለብቻዋ ትኖር ነበር። እንግዲህ ይህ የወሊድ ጉዳት ነው እንጂ እርግማን አይደለም።

2. መናገሯ ለማን ይጠቅማል? በጓዳ ተደብቃ ላለችው ሌላዋ ሴት ነው። ብዙዎች ይህ ችግር በእነርሱ ብቻ የደረሰ ይመስላቸዋል። ፊልሙ አንዷ በቀዶ ሕክምናው ፈጥና እንዳልዳነች እንኳ አልሸሸገም። ሰሚውን የሚጠቅመው እንዲህ ያለው እውነተኛ ቃል ነው።

3. ስናነጋግራት ምን እንጠንቀቅ? ፊልሙን በሩቅ አገር የሚያየው ባዕድ ነው፤ በአንበሳሜ ግን የሚሰማት በገበያና በምንጭ የምታገኘው ጎረቤቷ ነው። ስለዚህ በጉባኤ ፊት ቁሚና ተናገሪ አንበላት። አስቀድማ አንዲት የምታምናት ሴት ለብቻዋ ታነጋግራት። እምቢ ማለትም፣ ጀምራ ማቆምም መብቷ ነው። ለሪፖርት ብለን ስሟንና ፎቶግራፏን ያለ ፈቃዷ አንውሰድ። እርዳታ የምታገኘው ታሪኳን ስለ ነገረችን አይሁን።

4. ሰምተንስ ምን እናድርግ? ከ2005 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በባሕር ዳር የፊስቱላ ማዕከል ተከፍቷል፤ ለአንበሳሜም ሆነ ለደብረ ታቦር ሰው ከአዲስ አበባ ይልቅ የሚቀርበው ይህ ነው። ሕክምናው በነፃ ነው፤ የሚጎድላት የመኪና ገንዘብና አብሯት የሚሄድ ሰው ሊሆን ይችላል። ከወሊድ በኋላ ወዲያው ሽንት መፍሰስ ከጀመረ ሳትዘገይ ወደ ጤና ጣቢያ ትሂድ፤ ካቴተር የተባለው የሽንት ቱቦ ለሳምንታት ሲደረግላት ትንሽ ቀዳዳ በራሱ ሊገጥም ይችላል። ሽንት እንዲቀንስ ብላ ውኃ መጠጣት አትተው፤ የወፈረ ሽንት ቆዳን ያቃጥላል። ከዳነች በኋላም ብታረግዝ በሆስፒታል ትውለድ።

ለውይይት

ሀ. በሠፈራችን ከለቅሶና ከሠርግ የቀረች ሴት አለች? ማን ቢጠይቃት ይሻላል?

ለ. ለአንዲት ሴትና ለአጃቢዋ የደርሶ መልስ መጓጓዣ ከየት እናዘጋጃለን?

ሐ. ምጥ የጠናባት እናት በሌሊት ብትገኝ ማን ተሸክሞ፣ በየትኛው መንገድ ይወስዳታል? ዛሬውኑ ተስማሙበት።