የቡችላ ጥፍር መቁረጥ፦ ከመቁረጫው በፊት የሚቀድመው ትምህርት

በሮም ከቴርሚኒ ባቡር ጣቢያ አቅራቢያ የሚገኘው ፒያሳ ኢንዲፔንዴንሳ ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያን በብዛት ከሚታዩባቸው የከተማዋ አካባቢዎች አንዱ ነው። እ.ኤ.አ. ከ1970ዎቹ ጀምሮ ወደ ጣሊያን የገቡ በርካታ ሴቶች በሰው ቤት ሠርተው ኖረዋል፤ ከዚህ ሥራ ጋር ደግሞ የአሠሪን ውሻ መንከባከብ ሊመጣ ይችላል። በአገር ቤት ግቢ የሚጠብቅ ውሻ በጠጠርና በድንጋይ ላይ ሲሮጥ ጥፍሩ በራሱ ይሞረዳል። በአፓርታማ ለስላሳ ወለል ላይ የሚያድግ ቡችላ ግን የሰው እጅ ያስፈልገዋል።

በውሻ ጥፍር ውስጥ የደም ሥርና ነርቭ ያለበት ሕያው ክፍል ይገኛል። ጥፍሩ ሳይቆረጥ ሲረዝም ይህ ክፍል አብሮ ይረዝማል፤ ጣቶቹ ከቦታቸው እየተገፉ የውሻው አረማመድም ይዛባል። መቁረጫው ሕያውን ክፍል ከነካ ደግሞ ቡችላው ይደማል፣ ያመዋል፤ ሕመሙንም አይረሳም። ዛሬ የተፈጠረው ፍርሃት ውሻው ሲያድግ ወደ ንክሻ ሊለወጥ ይችላል።

መፍትሔው የሚገኘው ሩሲያዊው የፊዚዮሎጂ ሊቅ ኢቫን ፓቭሎቭ ካሳየው መርሕ ነው። እ.ኤ.አ. በ1904 በምግብ መፈጨት ጥናቱ የኖቤል ሽልማት ያገኘው ፓቭሎቭ፣ ውሾች ምግብ መምጣቱን የሚያበስር ምልክት ሲደርሳቸው ገና ሳይቀምሱ ምራቃቸው እንደሚፈስ አስረድቷል። እዚህ ላይ ወሳኙ ቅደም ተከተል ነው፦ በመጀመሪያ ንክኪ፣ ቀጥሎ ምግብ። ምግቡ ከቀደመ ቡችላው ምግቡን ራሱን የመጥፎ ነገር ምልክት አድርጎ ሊጠረጥረው ይችላል።

ከ3ኛው እስከ 14ኛው ሳምንት ገደማ ያለው ዕድሜ ቡችላ አዲስ ነገር በቀላሉ የሚለምድበት ነው። ልምምዱ በየቀኑ ሁለት ደቂቃ ያህል ይበቃዋል፦

1. እግሩን ለቅጽበት መንካት፣ ወዲያው ቁራሽ ሥጋ መስጠት።
2. ጣቶቹን አንድ በአንድ በቀስታ መጫን፣ መስጠት።
3. መቁረጫውን ማሳየት፣ ድምፁን ማሰማት፣ መስጠት።
4. ሳይቆርጡ ጥፍሩን በመቁረጫው መንካት፣ መስጠት።
5. የአንድ ጥፍር ጫፍ ብቻ ቆርጦ፣ ሰጥቶ፣ ለዕለቱ ማቆም።

ከአንዱ ደረጃ ወደሚቀጥለው የሚታለፈው ቡችላው ዘና ሲል ነው። ፊቱን ካዞረ፣ ከንፈሩን ደጋግሞ ከላሰ ወይም ሰውነቱን ካደነደነ አንድ ደረጃ መመለስ ይገባል። አፍኖ ይዞ መጨረስ ለዕለቱ ጊዜ ቢቆጥብም ለዓመታት የሚዘልቅ ትግል ያተርፋል።

መቁረጫው ስለታም ይሁን፤ የደነዘ ስለት ጥፍሩን ይጨፈልቀዋል። በነጭ ጥፍር ሕያው ክፍል ሮዝ ሆኖ ይታያል፤ በጥቁር ጥፍር ስለማይታይ በየጊዜው 1 ሚሊሜትር ያህል ብቻ መቁረጥ ይመረጣል። ከእግሩ በውስጥ በኩል ከፍ ብሎ የሚበቅለው ጥፍር መሬት ስለማይነካ አይዘንጋ። ከደማ በንጹሕ ጨርቅ ጥቂት ደቂቃ መጫን ወይም የበቆሎ ስታርች መነስነስ ይረዳል፤ ደሙ ካልቆመ ወደ እንስሳት ሐኪም መውሰድ ያስፈልጋል።