ነገራችንን ሁሉ ልወቅ የሚል ጎረቤት



«ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይሻላል» ይባላል። ይሁን እንጂ ጎረቤት የቤታችንን ነገር ሁሉ ልወቅ ሲል ምን እናድርግ?

ደሴ በጦሳ ተራራ ሥር የተጠጋጋች ከተማ ናት። በተዳፋቱ ላይ የላይኛው ቤት የታችኛውን ግቢ ያያል። በ1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት በአዋጅ የመንግሥት ከሆነ ወዲህም ብዙ ቤተሰብ በቀበሌ ቤት ግቢና ቧንቧ ተጋርቶ ኖሯል። ስለዚህ መተያየት የግድ ነው። ነገር ግን በ1969 እና በ1970 ዓ.ም.፣ በቀይ ሽብር ጊዜ፣ «ማን ገባ? ማን ወጣ?» የሚል ወሬ ሰውን ያሳስር፣ ያስገድልም ነበር። ወሬ ቀላል ነገር አይደለም።

በእኛ ግቢ የሆነውን እንናገር። ታላቅ እኅታችን ኮምቦልቻ ወርዳ ፋብሪካ ትሠራለች፤ አምሽታ ትመለሳለች። አንዲት ጎረቤታችን ቡና ላይ «ልጅቷ የት ታመሻለች?» አሉ። በአቦል የተነሣው ጥያቄ በረካ ሳይደርስ ወሬ ሆነ። እኅታችን አለቀሰች። እኛም ተቆጥተን ሰላምታ ነሣናቸው፤ በራችንን ዘጋን። ወሬው ግን ባሰ እንጂ አልቀነሰም።

በመጨረሻ እናታችን ቡና አፍልታ ብቻቸውን ጠራቻቸው። «እትዬ፣ ልጄ የምታመሸው በሥራ ነው። ያሳሰብዎት ነገር ካለ እኔን ይጠይቁኝ። ከሌላ ሰው ጋር ሲያወሩት ግን የልጄ ስም ይጠፋል» አለቻቸው። ይቅርታ አልጠየቁም፤ ዝም ብለው ጠጥተው ሄዱ። ከዚያ ወዲህ ግን እኅታችን ስታመሽ የግቢውን በር የሚከፍቱላት እርሳቸው ናቸው። መጠየቁን ዛሬም አልተዉም!

ከዚህ ምን እንማራለን?

1ኛ. የጠየቀንን ሁሉ ጠላት አናድርግ። ሲታመሙ ቀድሞ የሚደርስ፣ ሐዘን ሲሆን ቅሬውን የሚጠራ፣ ክርስቲያኑንም ሙስሊሙንም የሚያሰባስብ ብዙ ጊዜ ይኸው ጠያቂ ሰው ነው።

2ኛ. የሚነገረውን ሳንዋሽ እንንገር፤ የማይነገረውን «ይህ የቤታችን ነገር ነው» ብለን በትሕትና እንለፍ።

3ኛ. ቅር ያለንን ለራሱ ለሰውየው ብቻውን እንንገር እንጂ እኛም በተራችን አናማው።

4ኛ. ወሬ ወደ እኛ ሲመጣ በእኛ ዘንድ ይቁም።

ለውይይት፦ ባለፈው ሳምንት ስለ ጎረቤታችን ምን ጠየቅን? የሰማነውንስ ለማን ነገርን?